ዘፈን ሰምቼ ሽማግሌ ላክሁ

አርባ ምንጭ፣ ሲቀላ
ኅዳር 12 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለዕድላዊት፣

ይህን ስጽፍ ጤነኛ ነኝ። ጉልበቴ ብቻ አንዳንዴ ያኮርፈኛል። አንቺንም የአዲስ አበባ ብርድ አልበገረሽም ብዬ አምናለሁ። አብሮሽ የሚዘፍነው የእኔው ልጅ ዕዝራስ እንዴት ነው? በስልክ «ደህና ነኝ አባ» ይልና ይዘጋል። እኔም «ደህና ነኝ» እልና እዘጋለሁ። ሁለት ደህና ሰዎች ተነጋግረን አንዳችን ስለ ሌላው ምንም ሳናውቅ እንቀራለን። ለዚህ ነው ላንቺ በወረቀት የምጽፍልሽ። ወረቀት ቶሎ አይዘጋም።

በአውቶቡሱ ሾፌር እጅ የላክሽው ሚሞሪ ካርድ ደርሶኛል። «ሳይደብቁ ይንገሩኝ፣ ዘፈኖቻችንን እንዴት አገኟቸው?» ብለሻል። እንግዲህ ሳልደብቅ ልናገር። እኔ ትምህርት ከስድስተኛ ክፍል ያቋረጥሁ፣ በጫሞ ዳር የአጥማጆችን መረብ እየጠገንሁ የምኖር ሰው ነኝ። ከሙዚቃ የማውቀው መዝሙር ነው። የዕዝራን እናት ሻሺቱን ጌታ ከሰበሰባት ወዲህ ደግሞ ቤቴ ውስጥ መዝሙሩም በዝቅታ ነው።

ስፒከሯን መረቡ የሚሰቀልበት እንጨት ላይ አንጠልጥዬ ሰማሁት። አንቺ በክራር፣ ዕዝራ በጊታር። ከበሮ የለ፣ ኪቦርድ የለ፣ ያ ሁሉ ጩኸት የለ። አጥማጆቹ መጀመሪያ «ይሄ ነገር አላለቀም እንዴ? ሌሎቹ መሣሪያዎች መቼ ነው የሚገቡት?» አሉ። ኋላ አንዱ ቀረብ ብሎ «ጋሽ ኦይታ፣ የልጁ ጣት ክሩ ላይ ሲንሸራተት እኮ ይሰማል» አለኝ። እውነቱን ነው፣ ይሰማል። ትንፋሻችሁም ይሰማል። አንቺ ቃሉን ስትጨርሺ እሱ አየር ሲስብ ይሰማል። ይህን ማንም እንዳያጠፋባችሁ።

ከሁሉ «ሦስት ወንበር» ያላችሁትን ደጋግሜ ሰማሁ። አንቺ እንዲህ ትያለሽ፦

ደጃችን ሰፊ ነው፣ ሦስት ወንበር ይችላል፣
የላከ ሰው ካለ፣ አባቴ ይሰማል።

ዕዝራ ደግሞ ይመልሳል፦

ዳገቱ ረዝሞብኝ፣ ቃሌ ደከመና፣
ከደጅሽ ቆሜያለሁ፣ ሳልናገር ገና።

እዚህ ላይ የመረብ መርፌዬን አስቀመጥሁ። ልጄ፣ የገባኝ ገብቶኛል። ሰው በአፉ የማይለውን በዜማ እንደሚለው አላጣውም፣ እኔም ወጣት ነበርሁ። ከዚህ በላይ አላሳፍርሽም። የትልቅ ሰውን ሥራ ለትልቅ ሰው ተዉለት። አንድ ደስ የሚል ነገር ጀምሬያለሁ። ምን እንደሆነ አሁን አልነግርሽም፤ ከአባትሽ ከአቶ ካሱ ትሰሚዋለሽ። እናንተ የቀረውን የአልበሙን ክፍል በደስታ ቅረጹ።

ጌታ በእጁ መዳፍ ይያዛችሁ።
ኦይታ


አዲስ አበባ
ታኅሣሥ 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጋሽ ኦይታ፣

እንደምን ሰነበቱ ብዬ ልጀምር ነበር። መጀመሪያ የምጠይቅዎት ነገር ስላለ ሰላምታውን መጨረሻ ላይ እጽፈዋለሁ።

ሽማግሌ ላኩ? ወዳጅዎን ጋሽ ዘካሪያስን ከሁለት የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌዎች ጋር አባቴ ቤት፣ ገረሴ ድረስ? ለእኔና ለዕዝራ?

አባቴ ትናንት ደወለልኝ። ድምፁ የሠርግ ድምፅ ነበር።

«ልጄ፣ ምናለ ቀደም ብለሽ ብትነግሪኝ?»

«ምኑን አባዬ?»

«ሰዎችሽ መጡ እኮ። ጨዋ ሰዎች ናቸው። አክስትሽ ውቢት ዶሮ ላርድ ስትል በግድ ነው ያስቆምኳት፤ ገና ነው ብዬ።»

«የትኞቹ ሰዎቼ?»

«የዓሣ ሰዎችሽ ነዋ!»

እኔና ዕዝራ አብረን እንዘፍናለን እንጂ በመሃላችን ሌላ ነገር የለም አልኩት። ያን ጊዜ በሌላ ድምፅ መጣ። «ታዲያ ደጃችን ሰፊ ነው፣ ሦስት ወንበር ይችላል ያልሽው የማንን ደጅ ነው? አገር እየሰማ ሽማግሌ ጠርተሽ፣ የጠራሻቸው ሲመጡ ጨዋታዬን ነው ትያለሽ? ወይ ተጋቡ፣ ወይ ከዚያ ልጅ ጋር መዝፈን ይቁም። ገበያ የምወጣበት ፊት ተዪልኝ።» ዘጋው።

ያንን ግጥም የጻፍኩት በአክስቴ በውቢት ስቄ ነው ጋሽ ኦይታ! ገረሴ በሄድኩ ቁጥር ወንበሮቹን እየወለወለች «መቼ ነው የሚመጡት?» ትለኛለች። ማን እንደሚመጣ እሷም አታውቅም። ሌላ ትርጉም የለውም። እኛስ ስማችንን «ሁለት ሐይቅ» ያልነው ለምን ይመስልዎታል? አባያና ጫሞ ከተፈጠሩ ጀምሮ ጎን ለጎን ተኝተዋል። መሃላቸው መሬት አለ። ማንም ሄዶ አላጋባቸውም።

ዕዝራ ከሰማ በኋላ ዛሬ ስቱዲዮ አልመጣም። ስቱዲዮ ስል ትልቅ ነገር አይምሰልዎት፣ ግድግዳው ላይ ብርድ ልብስ የተቸነከረበት አንድ ክፍል ነው። ግን ግማሽ አልበማችን እዚያ ቁጭ ብሏል። ከአባቴ ጋር ተጣልቼ መዝፈን አልችልም፤ ድምፄ አይወጣም፣ ሞክሬዋለሁ። ከዕዝራ ውጪ ከሌላ ሰው ጋር ደግሞ ይህን ዘፈን ልዘፍነው አልችልም።

እባክዎ ሽማግሌዎቹን ይመልሷቸው። ግን አመላለሱን ይወቁበት። ዝም ብለው ቢቀሩ በገረሴ ገበያ «ተጠይቃ የተተወች» እባላለሁ። ያኔ አባቴን በምንም አልመልሰውም።

ሰላምታው ይኸውና፦ ተናድጄብዎታለሁ። እወድዎታለሁም።
ዕድላዊት


አርባ ምንጭ
ታኅሣሥ 14 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ዕድል፣

ይቅር በይኝ። ይህን ቃል ከሰላምታው ያስቀደምሁት ከሌላ ወሬ ጋር ተደባልቆ እንዳያንስብሽ ነው። ደብዳቤሽን የተገለበጠ ጀልባ ላይ ተቀምጬ አነበብሁት። ስጨርስ ወርጄ ፊቴን በሐይቁ ውሃ ታጠብሁ፤ ከኀፍረት የተነሣ ነው።

በስልክ «ለመሆኑ ማን ነገረዎት?» ብለሽኝ ነበር። አሁን ልመልስ። ማንም አልነገረኝም፤ የነገረኝ ዘፈኑ ነው። እኛ ቤተ ክርስቲያን የምንዘምረውን አምነን ነው የምንዘምረው። «ጌታ ሆይ፣ ና» ብሎ የዘመረ ሰው፣ ጌታ ቢመጣ «ለጨዋታ ነው ያልሁት» አይልም። በዚያ ጆሮ ሰማኋችሁ። ልጄ «ሳልናገር ገና» ሲል፣ አባት እንደሌለው ልጅ ደጅ ቆሞ ታየኝ። ታዲያ የእኔ አፍ ለምን ተፈጠረ አልሁ።

ደግሞ ሌላም አለ። ሻሺቱ ካለፈች ወዲህ እዚህ ቤት የድስት ክዳን እንኳ ቢንኳኳ ያንኳኳው የእኔው እጅ ነው። ያንቺ ድምፅ ከስፒከሯ ሲወጣ ቤቴ የገባሽ መሰለኝ። ለልጄ ሚስት ጠየቅሁ እያልሁ ለራሴ ቤት ድምፅ እየለመንሁ እንደነበር፣ ደብዳቤሽ ከመጣ በኋላ ስጸልይ ነው የታየኝ። ላልጽፈው አስቤ ነበር። ግን ይቅርታ ግማሹ ከተደበቀ ይቅርታ አይሆንም።

እንዳልሽው ዘካሪያስ ዘንድ ሄድሁ። «የላክሁህን ነገር እንመልሰው» አልሁት።

«ምን አልህ?»

«ልጆቹ ጓደኛሞች ብቻ ናቸው። ያ የሰማሁት ዘፈን ነው።»

«ኦይታ፣ ሽማግሌ ዓሣ ነው እንዴ፣ አነሰ ተብሎ ተመልሶ ውሃ ውስጥ የሚጣል? ያን ዳገት በዚህ ወገቤ ወጥቼ፣ ስለ ልጅህ ጨዋነት ስመሰክር ውዬ፣ አሁን ዘፈን ነው ትለኛለህ?»

«ዘፈን ነው።»

«ዘፈን አትስማ ብዬህ አልነበረም?»

እኔ ሳቅሁ፣ እሱ ግን አልሳቀም። «ሁለተኛ የሚላክ የለም። የላከው ራሱ ይውጣ» ብሎኝ ገባ። ልክ ነው። ከገና በኋላ እኔው ራሴ ገረሴ እወጣለሁ። አባትሽ ፊት ጥፋቱን ለብቻዬ እሸከማለሁ። መዝፈንሽን እንዲፈቅድልሽ እለምነዋለሁ።

ከዚያ በፊት አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ያንቺን ግጥም በአክስትሽ ስቀሽ ጻፍሽው፣ ይሁን። የዕዝራን ማን ጻፈው? እሱን ልጠይቀው ነበር፤ ስልኬን አያነሣም።

አፍሬ የምወድሽ፣
ኦይታ


አዲስ አበባ
ታኅሣሥ 26 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጋሽ ኦይታ፣

እንኳን ለገና አደረሰዎ፤ ደብዳቤው ሲደርስ ምናልባት በዓሉ አልፎ ይሆናል። ይቅርታዎ ደርሶኛል። ጥቂት ቀን ተቆጥቼ ልቆይ ብዬ ሞክሬ አልሆነልኝም። ስለ ጋሽ ዘካሪያስ ወገብ እኔም ይቅርታ እጠይቃለሁ።

የመጨረሻዋን ጥያቄ ግን ባይጠይቁኝ ደስ ባለኝ።

የጻፈው ራሱ ዕዝራ ነው። የእኔ ድምፅ ተቀርጾ አልቆ ምሳ ልበላ ወጥቼ ነበር። የተስማማንበት መልስ የሚያስቅ ነበር፤ ልጁ የተደረደሩትን ወንበሮች አይቶ በአጥር ዘሎ ይሸሻል። ስመለስ ሌላ መልስ ቀርጾ ጠበቀኝ። ጆሮ ማዳመጫውን አድርጌ ሰማሁት። ቀና ስል ከክፍሉ ጥግ ሆኖ የጊታሩን ክር ያጠብቃል። ክሩ ግን አልላላም ነበር። «ጥሩ ነው» አልኩት። «ቤት እንዲመታ ብዬ ነው» አለኝ። ከዚያ ስለ ሌላ ዘፈን ማውራት ጀመርን።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አውቃለሁ። እንደማውቅም ያውቃል። አልተናገረም፤ ስላልተናገረም በልቤ አመሰግነዋለሁ። ቢናገር መመለስ አለብኝ፣ መልሴ ደግሞ እሱ የሚፈልገው አይደለም። ዕዝራን እወደዋለሁ፣ እንዲያ ግን አይደለም። አብሬው ስዘፍን ድምፄ የት እንደሚያርፍ አውቃለሁ፤ ይህን ከማንም ጋር አግኝቼው አላውቅም። እሱን እንዳላጣ ብዬ ያላወቀች መስዬ ቆየሁ።

እንግዲህ የሰሙት ትክክል ነበር ጋሽ ኦይታ፣ ግማሹ። የአንዱን ልብ ሰምተው የሁለታችን መሰለዎት።

ገረሴ ሲወጡ አባቴ «ልጅህ ይፈልጋታል ወይስ አይፈልጋትም?» ብሎ ይጠይቅዎታል፤ እኔ አባቴን አውቀዋለሁ። «ይፈልጋታል» ካሉት ነገሩ አደባባይ ይወጣል፤ ዕዝራ ሁለተኛ ዓይኔን አያይም፣ መዝፈናችንም እዚያው ያበቃል። «አይፈልጋትም» ቢሉት ውሸት ነው፣ እርስዎ ደግሞ አይዋሹም። ምን ቢሉ እንደሚሻል እኔም አላውቅም። የሚጸልዩት እርስዎ ነዎት።

ዕድላዊት


አርባ ምንጭ
ጥር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ዕድል፣

ከገረሴ በደህና ወርጃለሁ። ጉልበቴ ብቻ ከእኔ ጋር መነጋገር ትቷል። የአባትሽ ቤት ሰላም ነው፣ ገብሱ ታጭዷል። ውቢት «ሳምልኝ» ብላለች፤ በመሃላችን ይቅርና እኔንም ስማኛለች።

ብቻዬን ነው የወጣሁት። ከመኪና ወርጄ ከመንገዱ ዳር እርጥብ ሳር አጨድሁ። እኛ ጋሞዎች ዕርቅ ስንለምን ሳር ይዘን እንደምንቆም አንቺ ታውቂያለሽ፤ እርጥብ ሳር የያዘን ሰው ከደጁ የሚመልስ የለም። ያልሽኝን ነገር ዳገቱን ሙሉ ጸለይሁበት። መልስ አልመጣልኝም። ሳሩን በእጄ ይዤ፣ አፌ ባዶ ሆኖ ደረስሁ።

ውቢት ከሩቅ አይታኝ «ካሱ! ሌላ የዓሣ ሰው መጣ!» ብላ ተጣራች።

አባትሽ ወጣ። ሳሩን ሲያይ ፊቱ ተለወጠ። «ምን በድለኸኝ ነው ሳር የያዝህ?»

«ልጅህን የጠየቅሁት እኔ ነኝ፣ ልጄ አልላከኝም። ዘፈን ሰምቼ ነው ሽማግሌ የላክሁብህ። ልጆቹ አያውቁም ነበር።»

«ዘፈን ሰምተህ?»

«አዎ።»

«በሬዲዮ ዝናብ መጣ ብለው ሲዘፍኑ ብትሰማ፣ የተሰጣ እህልህን ታስገባለህ ማለት ነው?»

«እህል የለኝም። መረቤን ግን አስገባ ነበር።»

ውቢት ከውስጥ ሳቀች። እሱ ሳይስቅ የፈራሽውን ጠየቀኝ፦ «ልጅህ ይፈልጋታል ወይስ አይፈልጋትም?»

ያን ጊዜ የተሰጠኝ ቃል አጭር ነበር። «የልጄ ልብ የልጄ ነው» አልሁት። «ሳላስፈቅደው አንድ ጊዜ ገባሁበት፤ ይኸው ሳር አስይዞኛል። ሁለተኛ አልገባበትም።» አባትሽ የገባው ይመስለኛል። ሳሩን ከእጄ ተቀበለኝና ደግሞ አልጠየቀኝም።

«በል ቁጭ በል። ያንን ዘፈን አሰማኝ» አለኝ። ለካ እስከ ዛሬ ሰምቶት አያውቅም! ለሽምግልና የመጣ ቀን ግጥሙን የነገረው ዘካሪያስ ነው። ዘፈን አትስማ የሚለኝ ዘካሪያስ በቃሉ ይዞት ኖሯል።

ስፒከሯን ከቦርሳዬ አወጣሁ። ጎረቤትም ተሰበሰበ።  አንቺ ስንኙን ስትደግሚው ውቢት ከሥርሽ ገባች፣ ቃል ሳይኖራት በአፍንጫዋ ብቻ። ቀጥሎ በሩ አጠገብ የነበሩ አንድ ሽማግሌ ወፍራሙን ድምፅ ያዙ። ሌላዋ ሴት ከላይ ቀጭኑን ያዘች። ማንም ማንንም አላስፈቀደም። የደጋው ሰው ዘፈን ሲሰማ ዝም ብሎ መስማት አይሆንለትም፤ ክፍት ቦታ ይፈልግና ይገባበታል። በልጅነቴ ይህን አውቀው ነበር። ሐይቅ ዳር ከወረድሁ፣ መዝሙር ከያዝሁ ወዲህ ረሳሁት። ወደ መጨረሻው ዞር ብል አባትሽ ራሱ እየዘፈነ ነው። ያንቺን ግጥም! ያን የሚያህል ሰው «አባቴ ይሰማል» እያለ!

ሲያልቅ አፈረና ጉሮሮውን ጠረገ። «ጎዶሎ ዘፈን ነው፣ ሁለት ሰው ብቻውን» አለ። ቀጥሎ ያለውን እንዳለ እጽፍልሻለሁ፦ «እኛ ዘንድ መሪውን ድምፅ የያዘ ቃሉን ይላል። ነገ ሌላው ይይዘዋል። የማን ልብ ነው ተብሎ አይጠየቅም። እኔ ግን ልጄን ጠየቅኋት። አጥፍቻለሁ። ትዝፈን።»

እልል ልል ነበር። እሱ ግን ገና አልጨረሰም።

«ገበያው ደግሞ እኔን ይጠይቀኛል» አለኝ። «ሽማግሌ መጥቶ ምን ሆነ ይሉኛል። ልጄ የተተወች አትባልም። ስለዚህ ሰዎችህ ተመልሰው ይምጡ፤ ሰው እያየ እከለክላቸዋለሁ። ልጄን ለአዞ ጎረቤት አልሰጥም እላለሁ። እምቢ ያልሁት እኔ ልሁን።»

እየሳቅሁ ተቀበልሁ። መኪናው ቁልቁለቱን ሲጀምር ነው ሳቄ የጠፋው። ልጄ ሳይጠይቅ ሊከለከል ነው። በሆዱ ይዞት የቆየውን ነገር እኔ በሰው አፍ አስጠይቄ፣ በሰው አፍ እምቢታ አመጣሁለት። አንቺ ነጻ ትወጫለሽ፤ ዋጋውን የሚከፍለው ግን እሱ ነው።

ይህን ከሌላ ሰው እንዲሰማ አልፈልግም። በስልክም አልነግረውም፤ «ደህና ነኝ» ብሎ ይዘጋዋል። ለዓርብ የአዲስ አበባ ትኬት ቆርጫለሁ። እንደምመጣ አትንገሪው። እሱ «ይሁን» ሳይለኝ ዘካሪያስ ዳገቱን አይወጣም። እምቢ ካለ ደግሞ አብረን ሌላ መንገድ እንፈልጋለን፤ እሱን ገፍቼ አንቺን አላወጣሽም። ይህን አስቀድሜ የምነግርሽ እንዳትቀየሚኝ ነው።

ኦይታ


አዲስ አበባ
የካቲት 24 ቀን 2017 ዓ.ም.

ጋሽ ኦይታ፣

እንደምን ሰነበቱ? ከአዲስ አበባ ከተመለሱ ሳልጽፍልዎ ወር ሞላ። ለጉልበትዎ የላክኩት ቅባት ይጠቅማል ተብሏል፤ ከመረብ መርፌ ጋር በአንድ ኪስ አይያዙት።

አልቀየምኩም። ያንን ሳነብ እንዲያውም ደስ አለኝ። የልጅዎ አባት ነዎት፣ እንደዚያ ማሰብ አለብዎት።

የመጡ ዕለት ከዕዝራ ጋር ደረጃው ላይ ተቀምጣችሁ በመስኮት አይቻችኋለሁ። ምን እንደተባባላችሁ አላውቅም፤ አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። እጅዎ ለረጅም ጊዜ ጀርባው ላይ ነበር። እሱ ጎንበስ ብሎ ከጫማው ላይ አቧራ ያራግፋል፤ ደጋግሞ አንዱን ጫማ።

በማግስቱ ስቱዲዮ መጣ።

«ልከለከል ነው አሉ» አለኝ።

«አዎ፣ አሉ።»

«ምክንያቱ አዞ ነው?»

«አባቴ አዞ ይፈራል» አልኩት።

ሳቀ። እንደ ድሮው ሙሉ ሳቅ አልነበረም፣ ሳቅ ግን ነበር። ከዚያ ጊታሩን አንሥቶ መቃኘት ጀመረ። በዚያው ሳምንት የቀሩትን ዘፈኖች ቀረጽን። «ሦስት ወንበርን ልቀይረው? በአጥር የሚዘለውን ላስገባው?» ብሎ ጠየቀኝ። «ተወው፣ እንዳለ ይሁን» አልኩት። ለምን እንዳልኩ አልጠየቀኝም።

ጋሽ ዘካሪያስ ወጥተው፣ በአደባባይ ተከልክለው እንደወረዱ አባቴ ደውሎ ነገረኝ። አክስቴ ውቢት ያን የፊቱን ዶሮ ለተከለከሉት አርዳ አብልታቸዋለች። «እንዲህ ያለ ክልከላ በየወሩ ይሁንልኝ» ብለው ወረዱ አሉ። አባቴ ገበያ ይወጣል፣ ፊቱም በቦታው ነው። እንድዘፍን ብቻ አይደለም፤ «ሦስተኛ ድምፅ ስትፈልጉ ጥሩኝ» ብሎኛል።

ሁሉም ነገር ተስተካክሏል እንግዲህ። እኔን ብቻ እንቅልፍ የነሣኝ አንድ ነገር አለ። ዕዝራ አጠገቤ ቆሞ ይዘፍናል፣ እኔም አጠገቡ እቆማለሁ። በየቀኑ አጠገቡ መቆሜ ቁስሉን መነካካት ይሆን? የእኔ ደስታ የእሱ ሕመም ከሆነ በደል ነው። በደል ከሆነ ይንገሩኝ፤ አልበሙ ይውጣና ልተወው። እሱን ብጠይቀው «ደህና ነኝ» ይለኛል፤ ከማን እንደወረሰው እርስዎ ያውቃሉ።

ዕድላዊት


አርባ ምንጭ
ሚያዝያ 21 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ዕድል፣

ከዘገየሁበት ልጀምር። ጥያቄሽን ይዤ ሁለት ወር ያህል ተቀመጥሁ። ተንበርክኬም ጠየቅሁ። እንደ ገረሴው ቀን አጭር ቃል አልተሰጠኝም። ስለዚህ ያየሁትን እጽፍልሻለሁ።

አልበሙ ደርሶኛል፣ እንኳን ደስ ያላችሁ። ዕዝራም እንደምታውቂው ለፋሲካ መጥቶ ነበር። ከበዓሉ ማግስት አብሮኝ ጫሞ ዳር ወረደ። እኔ መረብ ስጠግን እሱ አሸዋው ላይ ቁጭ ብሎ ከአዲሶቹ ዘፈኖች አንዱን ጀመረ፣ በሙዝ ቅጠል ላይ ስለሚወርደው ዝናብ ያላችሁትን። ጥቂት ይዘፍንና ዝም ይላል፤ ጣቱ ግን አይቆምም። ደግሞ ይዘፍናል፣ ደግሞ ዝም ይላል። አንዱ አጥማጅ «ረሳው እንዴ?» አለኝ። «አልረሳውም» አልሁት።

ያንቺ ቦታ ነበር። አንቺ የምትዘፍኚውን ያህል ይጠብቃል። አያሳጥርም፣ አይዘልም። የሚያዝን ፊት አያለሁ ብዬ ፈርቼ ቀና አልሁ። ሥራውን የሚሠራ ሰው ፊት ነው ያየሁት። እኔ መረብ ስጠግን ፊቴን የሚያይ ሰው ቢኖር እንዲያ ያለ ይመስለኛል።

«አባ፣ ምን ታየኛለህ?» አለኝ።

«ይከብድሃል?»

ምን እንደምለው ወዲያው ገባው። ክሩን ነካ ነካ አደረገ። «አንዳንድ ቀን» አለኝ። «ባትኖር ግን ከዚህ ይብሳል።»

ይህችን እንድጽፍልሽ አስፈቅጄዋለሁ። ሌላም ብዙ ተናግሯል፤ እሱን አልጽፈውም። ለመጀመሪያ ጊዜ ግን «ደህና ነኝ» ሳይለኝ ዋለ። እኔም ስለ እናቱ ነገርሁት፣ ከሞተች ወዲህ ለማንም ያልነገርሁትን። ሁለታችንም ደህና አልነበርንም፣ ደስ የሚል ቀን ሆነልን።

ከዚያ ዘፈኑን እንደገና ጀመረው። ያንቺ ቦታ ላይ ሲደርስ ምን እንደነካኝ አላውቅም፣ ገባሁበት። መዝሙር እንጂ ሌላ የማያውቅ አፌ! ቃሉን ግማሹን አላውቀውም፤ በማላውቀው ላይ በአፍንጫዬ ሄድሁ። ዕዝራ ጊታሩ ከእጁ ሊወድቅ ደረሰ።

«አባ! ቅኝቱ ላንተ ከፍ ይላል!»

«ዝቅ አድርግልኛ ታዲያ!»

ዝቅ አደረገልኝ። እስከ መጨረሻው ሄድን። አጥማጆቹ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ፣ አንዱ ግን በጀልባው እንጨት ላይ ምት ይመታልን ነበር።

ወሬው ቤተ ክርስቲያን ቀድሞኝ ደረሰ። እሑድ ዘካሪያስ በር ላይ ያዘኝ። «ዘፈንህ አሉ።»

«ዘፈንሁ።»

«ስለ ምን?»

«ስለ ዝናብ።»

ጥቂት አሰበና «ዝናብስ የጌታ ነው» ብሎ አሳለፈኝ።

እንግዲህ ልጄ፣ ቦታሽን አትልቀቂ። እኔ ሞክሬ አይቼዋለሁ፣ ሌላ ሰው ሲገባበት ያስቃል እንጂ አይሞላም። የሚጠብቀው እሱ ነው፤ መጠበቁ ሲበቃው ራሱ ይንገርሽ። አንቺ አትወስኚለት፣ እኔም ከእንግዲህ አልወስንለትም። እስከዚያው ተራሽ ሲደርስ ሳትፈሪ ግቢ።

አባትሽ፣
ኦይታ